ወይዘሮ ፍተሻ በቴሌቪዥን

በዚያ ሰፈር እስር ቤት ያልገባ ሰው የለም። እሑድ አመሻሽ ላይ የሴቶች እስር ቤቱ ድራማ ሲጀምር ባለሱቁም፣ ጸጉር ሠሪዋም፣ ጡረተኛውም፣ የወተት ጥርሷ ገና ያልወለቀ ሕፃንም ተሰብስበው ይታሰራሉ። ማስታወቂያ ሲመጣ በዋስ ይወጣሉ፤ ማስታወቂያው ሲያልቅ እየተሯሯጡ ተመልሰው ይገባሉ። ሰኞ ጠዋት ደግሞ ሁሉም የእስር ቤት ሊቅ ሆኖ ይነሣል። በሕይወቱ ፖሊስ ጣቢያ ደጃፍ ቆሞ የማያውቀው ባለሱቅ ስለ አመክሮ ሲያስረዳ ብትሰሙት፣ ዕድሜ ልክ ተፈርዶበት በአጥር ዘሎ የመጣ ነው የሚመስላችሁ።

እስር ቤቱም እንግዲህ እስር ቤት ተብሎ ነው። እስረኞቹ ቅንድባቸውን ተቀንድበው፣ ጥፍራቸውን ተሠርተው ነው የሚገቡት። አንዷ ስታለቅስ እንባው በጉንጯ መሐል ቀጥ ብሎ ይወርዳል እንጂ ኩሏን ንክች አያደርገውም። የስምንት ሴቶች ክፍል ነው የሚሉት ክፍል ከብዙዎቻችን ሳሎን ይሰፋል፤ መጋረጃም አለው። ሴትየዋ ሰው ገድላ ነው የገባችው ይሉናል፤ እኛ የምናየው ግን ለሠርግ የተዘጋጀች ሚዜ ነው። በዚያ ሁሉ ውስጥ እውነት የምትመስል አንዲት ሰው ብቻ ነበረች፤ እሷም ጠባቂዋ ናት። ስትገባ ሰው ትንፋሹን ይውጣል። ጠባቂዋ እንዲህ እውነት የሆነችው በተዋናይቷ ችሎታ አይደለም፤ በወይዘሮ ፍተሻ ነው።

ወይዘሮ ፍተሻ ማለት ሰፈሩ ያወጣላቸው ስም ነው። ዕድሜያቸውን በሙሉ የሴቶች እስር ቤት ጠባቂ ሆነው ኖሩ፤ አብዛኛውን ጊዜ የሠሩትም በር ላይ፣ ጠያቂና እስረኛ የሚፈተሽበት ቦታ ነው። ጡረታ ሲወጡ የደንብ ልብሱን መለሱ፤ እጃቸውን ግን ማን ተቀበላቸው? እንግዳ ቤታቸው ሲመጣ "ቦርሳሽን ላሳርፍልሽ" ብለው ይቀበሏታል፤ ከበሩ ወንበሩ ጋ እስኪደርሱ ድረስ ውስጡ ያለውን ሁሉ ጣታቸው አንብቦ ጨርሷል። የሶፋ ትራስ በመዳፋቸው ሳይጫኑ አይቀመጡም። ዳቦ ሲገዙ እዚያው ባለሱቁ ፊት ከመሐሉ ይፈነክቱታል። ባለሱቁ "እማማ፣ ስንዴ ነው እኮ፣ መጋዝ የለበትም" እያለ ይቀልድባቸዋል። እሳቸው አይስቁም። በመጋዝ ቀልድ አያውቁም።

ስለ ራሳቸው ሲናገሩ ደግሞ እንዲህ ይላሉ፦ "አንዲት እስረኛ በጥፊ መትቼ አላውቅም። ጮኼባትም አላውቅም። እናታችን ነበር የሚሉኝ።" ይህን ሲሉ አይዋሹም። እውነትም እጃቸውን አንስተው አያውቁም፤ በዚያ ሥራ ይህን ያህል ዓመት ኖሮ እንዲህ ማለት የሚችል ብዙ ሰው የለም። ማስረጃም አላቸው። መንገዱ ጥግ ላይ አትክልት የምትሸጠው ሴት ድሮ እሳቸው ዘንድ ታስራ የወጣች ናት። ወይዘሮ ፍተሻ ባለፉ ቁጥር ከዱካዋ ብድግ ትልና "እንደምን አደሩ እናታችን" ብላ ደህና ደህናውን ቲማቲም መርጣ ትሰጣቸዋለች። እሳቸውም አጠገባቸው ያለውን ሰው ዞር ብለው ያዩታል፤ አየህ አይደል ለማለት ነው።

አላገቡም፣ አልወለዱም። ታናሽ እህታቸው ስትሞት የተረፈችውን አንዲት ልጅ፣ ገና ትምህርት ቤት ሳትገባ ወስደው አሳደጉ። ያቺ ልጅ አደገች፣ ተማረች፣ ባንክ ቤት ተቀጠረች፣ የዋህ የሆነ ሹፌር አገባች፤ አሁን ደግሞ ወንድ ልጅ ወለደች። የወሊድ ፈቃዷ ሊያልቅ ነው። ሥራ ስትገባ ልጁን የሚይዝላት ሰው ያስፈልጋል። ያሉት ሁለት ሰዎች ናቸው፤ አንዷ የባሏ እናት፣ ወፍራምና ሳቂታ ሴትዮ፣ ጉልበታቸውን የሚያማቸው፤ ሌላዋ ወይዘሮ ፍተሻ፣ ጤነኛ፣ ቅርብ፣ ቀኑን ሙሉ ሥራ ፈት።

ማንም የነገራቸው ነገር የለም፤ እሳቸው ግን በልባቸው ጨርሰውታል። የመኝታ ቤታቸውን የመስኮት ስንጥቅ በጨርቅ ደፍነዋል። የጠረጴዛውን ጠርዝ በስፖንጅ ጠቅልለውታል። ትንሽ አልጋ ገዝተው ከራሳቸው አልጋ ጋር አስጠግተውታል፤ ፍራሹንም በመዳፋቸው ከዳር እስከ ዳር ፈትሸውታል፤ መርፌ ቢኖርስ? በዚህ ምድር ላይ የሚፈልጉት ነገር ያ ልጅ ብቻ ነበር። ሌላ ምንም አልነበራቸውም፤ ይህን እያሾፍኩም ቢሆን መናገር አለብኝ።

የድራማው ነገር የመጣው በሹፌሩ ነው። የእህታቸው ልጅ ባል ድራማውን የሚሠራው ድርጅት ሹፌር ነው፤ ተዋንያኑን ያመላልሳል። አንድ ቀን ዳይሬክተሩ ከኋላ ወንበር ሆኖ "የእውነት እስር ቤት የሠራች ሴት ባገኝ ምንኛ ጥሩ ነበር" ሲል ሰማና፣ ሰው የጠቀመ መስሎት "የሚስቴ አክስት አሉ" አለ። በማግሥቱ ዳይሬክተሩ ቤት ውስጥም የማያወልቀውን ቆብ እንዳደረገ፣ ተዋናይቷን አስከትሎ መጣ።

ወይዘሮ ፍተሻ "ቦርሳሽን ላሳርፍልሽ" ብለው ተቀበሏት። ልጅቷ ቆንጆ ናት፤ ጉልበት ልትስም አጎንብሳለች። ወደዷት።

"ይቺ ልጅ የምትጫወተው ማንን ነው?" አሉ።

"ዋናዋን ጠባቂ ነው፣ እማማ" አለ ዳይሬክተሩ። "ድራማው በሙሉ እሷ ላይ ነው የቆመው።"

"እስረኞቹስ ይወዷታል?"

ዳይሬክተሩና ተዋናይቷ ተያዩ። "እንዴት ልበልዎት" አለ፣ ቆቡን እያስተካከለ። "በሕልማቸው እንኳ የሚያዩት እሷን ነው።"

ወይዘሮ ፍተሻ አንጀታቸው ቅቤ ጠጣ። ይህን ያህል ዘመን ስለ እስር ቤት የሚወራውን ወሬ ሁሉ ሲሰሙ፣ ጠባቂ ሲባል ሁልጊዜ ዱላ የያዘች ጋንጩር ስትሆን ሲያዩ ኖረዋል። አሁን ገና አንድ የሚገባው ሰው ተገኘ አሉ። እናም አስተማሩ፤ ማስተማር ብቻ ሳይሆን፣ ሆዳቸውን ዘርግፈው ሰጡ።

መጀመሪያ ቁልፍ። "በሌሎቹ ፊልሞች ላይ ጠባቂዋ ቁልፏን እያንቃጨለች ስትሄድ አያለሁ። ምን ልትሆን ነው? መጣሁላችሁ ልትል ነው? ቁልፍ በካልሲ ይጠቀለላል። ቆሜ ሳለሁ ነው የሚያዩኝ፣ ስመጣ አይሰሙኝም።" ልምምድ ብለው ተዋናይቷን ኮሪደሩ ላይ በካልሲ የተጠቀለለ ቁልፍ አስይዘው አመላለሷት። ዳይሬክተሩ በስልኩ ይቀርጻል።

ቀጥሎ ድምፅ። "አትጩሂ። አጠፋች የምትያትን ሴት 'ነይ እስኪ የኔ እናት' ነው የምትያት። በለሆሳስ። እንደሱ ስትያት ጉልበቷ ራሱ ይከዳታል።"

ከዚያ የጠያቂ ስንቅ። ምግብ የሚያመጣ ጠያቂ ራሱ ቀምሶ ነው የሚያስገባው፤ ደንብ ነው፤ መርዝም ሌላም እንዳይገባ። ወይዘሮ ፍተሻ ግን በደንቡ ላይ የራሳቸውን ጥበብ ጨምረውበታል። "ከላይ አይደለም የምታስቀምሺው። ከላዩማ ማንም ይቀምሳል። ማንኪያውን ታች ድረስ አስገብተሽ ከሥር ነው። እኔ ከሩዝ ሥር የእጅ ስልክ አውጥቻለሁ፣ እወቂ።" ይህን የስልክ ታሪክ በሕይወታቸው ስንት ጊዜ እንደተናገሩት ሰፈሩ ያውቃል፤ ሩዙ አንዳንዴ ሾርባ ይሆናል፣ ስልኩ ግን ያው ነው።

መጨረሻ ላይ "አሁን ደግሞ ትልቁን ላሳይሽ" አሉና ተነሡ። "እስረኛ ቤተሰብ ጠይቋት ስትመለስ ሆዷ ባብቷል። ዕቃ የሚቀባበሉትም ያን ጊዜ ነው። ልፈትሽሽ ብትያት ትቆጣለች፣ ትሸሽጋለች። እጅሽን ዘርግተሽ ብታቅፊያት ግን ክንዷን ራሷ ታነሣልሻለች።" ተዋናይቷን ጠሯት። "ነይ እስኪ የኔ እናት።" አቀፏት። ሞቅ ያለ፣ ረጋ ያለ እቅፍ ነው፤ ጀርባዋን ዳበሷት፣ ትከሻዋ ላይ አገጫቸውን አሳረፉ። ልጅቷ እናቷ ሩቅ ናት መሰለኝ ዓይኗ እንባ አቀረረ። ሲለቋት እጃቸው ላይ የሷ ስልክ፣ የከንፈር ቅባቷና ግማሽ የታኘከ ማስቲካ በወረቀት እንደተጠቀለለ ነበር።

"እለፊ የኔ እናት" አሉ፣ ዕቃዋን እየመለሱ። ፍተሻ ሲያልቅ የሚሉት ቃል ነው።

ዳይሬክተሩ ለመጀመሪያ ጊዜ ቆቡን አወለቀ።

ድራማው የሚጀምርበት እሑድ ደረሰ። ወይዘሮ ፍተሻ ሰፈሩን ጠሩ፤ ባለሱቁ፣ ጸጉር ሠሪዋ፣ የእህታቸው ልጅ ሕፃኑን ታቅፋ ከነባሏ፣ የባሏ እናትም ጉልበታቸውን እያሻሹ መጡ። ወይዘሮ ፍተሻ ከፊት፣ ቴሌቪዥኑ አጠገብ ወደ ሰው ፊታቸውን አዙረው ተቀመጡ፤ ድራማውን ሳይሆን ድራማውን የሚያየውን ሰው ለማየት ነው። የኮሪደር ትዕይንት መጣ። ጠባቂዋ ድምፅ ሳታሰማ ከእስረኞቹ ኋላ ቆመች። "ካልሲው የኔ ነው" አሉ ወይዘሮ ፍተሻ። ሰው አጨበጨበላቸው። "ነይ እስኪ የኔ እናት" ተባለ። "እሱም የኔ ነው።" አሁንም ተጨበጨበ፤ ትንሽ ቀነሰ እንጂ።

ከዚያ የበሩ ትዕይንት መጣ። አንዲት አሮጊት ለልጇ ምግብ ይዛ መጥታለች፤ ጥርስ የላትም። ጠባቂዋ ማንኪያውን እስከ ታች አስገባችና አቀበለቻት። አሮጊቷ ቀመሰች። አንድ ጊዜ፣ ሁለት ጊዜ፣ ሦስት ጊዜ። ጠባቂዋ ፈገግ ብላ "ይበቃል፣ የኔ እናት" አለች። ካሜራው የአሮጊቷን አፍ አሳየ፣ ከዚያ የጎደለውን ሳህን። ጸጉር ሠሪዋ "እቺ እርኩስ" አለች። "አቤት፣ እቺን ነበር ማሰር።" ባለሱቁም ጥርሱን ነከሰ። ወይዘሮ ፍተሻ ከአንዱ ፊት ወደ ሌላው ሲያዩ ቆዩ። እሱም የኔ ነው ለማለት አፋቸውን ከፍተው ነበር፤ መልሰው ገጠሙት።

መጨረሻው እቅፉ ነበር። እስረኛዋ ልጇን ጠያቂ ክፍል አይታ፣ ዓይኗ አብጦ ተመለሰች። ጠባቂዋ ቆማ እጇን ዘረጋችላት። ሳሎኑ በሙሉ ተነፈሰ፤ "ተመስገን፣ ሰው ሆነች" አሉ የባል እናት። እስረኛዋ ራሷን እቅፉ ውስጥ ጣለች፣ ክንዷን አነሣች። ካሜራው ቀስ ብሎ በጀርባዋ ዞረ። የጠባቂዋ ጣቶች በልብሷ ስፌት ላይ ቁልቁል ይሄዳሉ፣ አንድ በአንድ፣ ሳይቸኩሉ፣ እያሹ። ከወገቧ ላይ የልጇን ፎቶግራፍ አወጡ። ተዋናይቷ በለሆሳስ "እለፊ የኔ እናት" አለች፣ ፎቶውንም ራሷ ኪስ ውስጥ ከተተች።

ማስታወቂያ መጣ። ማንም በዋስ አልወጣም። የእህታቸው ልጅ ብድግ ብላ ሕፃኑን በፎጣው ጠቀለለችና "ይበርደዋል" አለች። ቤቱ ውስጥ ሰው በሰው ላይ ተደራርቦ ላብ በላብ ሆኖ ነበር። ባሏን እንኳ ሳትጠራ ወጣች።

ከዚያ በኋላ ያለውን ሳምንት እግዜር ለጠላትም አይስጥ። ሰፈሩ ድራማው ከማን እንደተቀዳ ለማወቅ መጠየቅ አላስፈለገውም፤ "የኔ ነው፣ የኔ ነው" ብለው ራሳቸው ፈርመዋል። ልጆች መንገድ ላይ ሲያዩዋቸው ክንዳቸውን ወደ ላይ አንስተው ይቆማሉ። ባለሱቁ ዳቦ ሲሰጣቸው "ከሥሩ ቅመሱት እንጂ" አላቸው። ጸጉር ሠሪዋ ደንበኛዋን ወንበር ላይ ስታስቀምጥ "ነይ እስኪ የኔ እናት" ማለት ጀመረች፤ ሳቁ መንገድ ድረስ ይሰማል። ደግሞ እኮ እነዚህ ሰዎች ናቸው ያን ሁሉ ዓመት እስረኛ ስታመልጥ "ጠባቂዎቹ ተኝተው ነው" ሲሉ የኖሩት። ወይዘሮ ፍተሻ ዳይሬክተሩ ጋ ደወሉ። "ልጄ፣ እኔ የነገርኩህን ገለበጥከው" አሉት። ዳይሬክተሩ በቅን ልቦና "እማማ፣ አንድ ቃል አልቀየርንም" አላቸው። እውነቱን ነው። አንድ ቃል አልቀየሩም።

ይህ ሁሉ ግን ምንም አልነበረም። የሰፈር ሳቅ ይመጣል ይሄዳል። ወይዘሮ ፍተሻ በዚያ ሳምንት ውስጥ ጆሯቸው የቆመው በር ላይ ነበር፤ የእህታቸው ልጅ ትመጣለች፣ የልጁን ነገር ታነሣለች ብለው። ዓርብ ዕለት ረፋዱ ላይ መጣች። ልጁን አልያዘችም። ወይዘሮ ፍተሻ እንደ ልማዳቸው በር ላይ እጃቸውን ዘረጉ። ልጅቷ አንድ እርምጃ ወደ ኋላ አለችና በጎን አልፋ ገባች።

"ልጁን ለባሌ እናት ልሰጣቸው ነው" አለች፣ ሳትቀመጥ።

"ጉልበታቸውን ያማቸዋል።"

"ያማቸዋል።"

"ደረጃ መውጣት አይችሉም።"

"አይችሉም፣ አክስቴ።"

"እንግዲያስ?"

ልጅቷ የትንሿን አልጋ ጫፍ በክፍቱ በር አየችው። ዓይኗን ቶሎ መለሰች። "ከትምህርት ቤት ስመጣ በር ላይ ታቅፊኝ ነበር" አለች። "አንድ ቀን ሳታቅፊኝ ቀርተሽ አታውቂም። እናት ያላቸው ልጆች ይቀኑብኝ ነበር፣ ታውቂያለሽ? ሁሉም እናት አለው፣ የሚያቅፈው ግን የለም። እናት የሌለኝ እኔ ነኝ የምታቀፈው። ደግሞ ሁልጊዜ ከረሜላዬን ታገኚብኝ ነበር። የት እንደደበቅሁት ሳትጠይቂኝ። እግዜር የሚነግርሽ ይመስለኝ ነበር። ከእግዜር ጋር እንኳ ተጣልቼ ነበር። እሑድ ነው የገባኝ።"

"ጥርስሽን እንዳይበላው ብዬ ነው" አሉ ወይዘሮ ፍተሻ። "ይኸው ጥርስሽ። አንድ እንኳ አልተነቀለም።"

"አንድ ነገር ብቻ ንገሪኝ። ስታቅፊኝ ነበር ወይስ ስትፈትሺኝ?"

ወይዘሮ ፍተሻ ጥያቄው አልገባቸውም። ከልባቸው ነው የምላችሁ፤ ሊያታልሉ አይደለም። ወደ ላይ አዩ፣ ወደ ታች አዩ፣ አስበው አስበው "ሁለቱንም ነዋ" አሉ። "ምን ለየው?"

ልጅቷ ዓይኗ እንባ ሞላ። "እሱን ነው የፈራሁት" አለች። "የኔ ልጅ እንዲለየው እፈልጋለሁ።" በር ላይ ስትደርስ ዞር ብላ "ቅዳሜ ቅዳሜ መጥተሽ እይው" አለችና ወጣች።

ቅዳሜ። ወይዘሮ ፍተሻ ወንበራቸው ላይ ቁጭ ብለው ቃሉን ሲያላምጡት ዋሉ። እሳቸው ይሠሩበት በነበረው ቦታም የጠያቂ ቀን ቅዳሜ ነበር።

ሆድ ሲብሳቸው ማስረጃ ፍለጋ ወጡ። ቀጥ ብለው አትክልት ሻጯ ጋ ሄዱ። ሴትየዋ እንደ ልማዷ ብድግ አለች።

"ድራማውን ታያለሽ?" አሉ።

"ማን የማያየው አለ፣ እናታችን።"

"እኔ እንደዚያ ነበርኩ? እውነቱን ንገሪኝ። አልቀየምሽም።"

"ኧረ በፍጹም" አለች አትክልት ሻጯ፣ ቲማቲም እየመረጠች። ወይዘሮ ፍተሻ ሳምንቱን ሙሉ ትከሻቸው ላይ የነበረውን ሸክም አወረዱ። "እንደሷስ አልነበሩም። እሷ እኮ ሦስተኛው ማንኪያ ላይ 'ይበቃል' ትላለች። እርስዎ ይበቃል ብለው አያውቁም። እናቴ ነፍሷን ይማረውና እኔ ጋ ስትመጣ ቁርስ አትበላም ነበር፤ በር ላይ እንደምትበላ ታውቃለች።" ይህን ያለችው ያለ ቂም ነው፤ ስለ ዝናብ እንደሚወራው ነው።

"ታዲያ ለምን እናታችን ትይኛለሽ?"

"ምን ልበልዎት? ስምዎትን ነግረውን አያውቁም። በር ላይ ያለችውን ሁሉ እንደዚያ ነው የምንላት።"

"ደህና ደህናውን ቲማቲምስ ለምን ትመርጪልኛለሽ?"

"ካልመረጥኩልዎ ቅርጫቱን ገልብጠው ይበረብሩብኛላ" አለች፤ ሳቀችም። ቲማቲሙን በፌስታል አድርጋ አቀበለቻቸው። ወይዘሮ ፍተሻ ተቀበሉና ሳይነኩት፣ ሳይጫኑት፣ አንዱን እንኳ ሳያገላብጡ ሄዱ። አትክልት ሻጯ አሟቸዋል መሰል ብላ አንገቷን አስግጋ አየቻቸው።

ቅዳሜ ጠዋት ድንችና ካሮት ቀቅለው ለልጁ እንዲሆን አድርገው አላሙት፤ ጨው አላደረጉበትም፤ ክዳን ባለው ሳህን ያዙት። የእህታቸው ልጅ ቤት ሦስተኛ ፎቅ ላይ ነው። በሩን አንኳኩተው ሲከፈትላቸው፣ እጃቸውን ልክ እንደ ልማዳቸው ሊዘረጉ ሲሉ መልሰው ሳህኑን ያዙበት። ልጅቷ ጉንጫቸውን ሳመቻቸው፣ ከሩቅ፣ ትከሻ ሳታስነካ። ወደ ውስጥ አስገባቻቸው። በልጃቸው ትከሻ ተደግፈው የወጡት የባሏ እናት ሶፋው ላይ ሕፃኑን ጭናቸው ላይ አስቀምጠው፣ እግራቸውን ሌላ ወንበር ላይ ሰቅለው ነበር። "ይግቡ፣ ይግቡ፣ መጡ እንዴ?" አሉ በሳቅ። ደግ ሴትዮ ናቸው፤ በሰው ላይ የሚሆነው ነገር አይገባቸውም እንጂ።

ወይዘሮ ፍተሻ ተቀመጡ። ማንም ሳይጠይቃቸው ቦርሳቸውን ጠረጴዛው ላይ አድርገው አፉን ከፈቱት፤ ውስጡ እስኪታይ ከፍተው ተዉት። ከዚያ የሳህኑን ክዳን አነሡ። ማንኪያ አወጡ። ማንኪያውን እስከ ሥሩ አስገቡና ከታች ዝቀው ራሳቸው ቀመሱ።

የባል እናት "ትኩስ መሆኑን ሊያዩ ነው" አሉ።

ወይዘሮ ፍተሻ ዋጡና ሁለተኛውን አወጡ። አሁንም ከሥር። ሦስተኛውን አወጡ። ድንቹ ጨው የለውም፤ ዓይናቸው ግን ከሳህኑ አልተነሣም። አራተኛውን አወጡ። ሳህኑ መሐሉ ጎደለ። የባል እናት ግራ ተጋብተው ወደ ምራታቸው አዩ፤ "ርቧቸው ይሆን እንዴ? ምሳ ይቅረብ" አሉ በሹክሹክታ፣ ሁሉም በሚሰማው ሹክሹክታ። ልጅቷ በሩ አጠገብ ቆማ፣ ክንዷን አጣምራ ታያለች። ከእሑድ ጀምሮ ከዓይኗ ያልጠፋችው የድራማው ጥርስ የሌላት አሮጊት እዚህ ሳሎኗ ውስጥ ቁጭ ብላ ትበላለች። ወይዘሮ ፍተሻ አምስተኛውን አፋቸው ድረስ አቀረቡ።

"ይበቃል" አለች ልጅቷ።

ማንኪያው አየር ላይ ቆመ።

"ይበቃል፣ አክስቴ። ለልጁም ይትረፈው።" መጥታ ማንኪያውን ከእጃቸው ወሰደችና ሳህኑን ከደነችው። ከዚያ ሕፃኑን ከአማቷ ጭን አንስታ፣ ትንሽ አመነታችና አመጣችላቸው።

ወይዘሮ ፍተሻ ልጁን ተቀበሉት። ግን እንዴት ነው የተቀበሉት? ሁለት ክንዳቸውን ቀጥ አድርገው ዘርግተው፣ መዳፋቸውን ወደ ላይ ገልብጠው፣ አሥሩንም ጣቶቻቸውን በታትነው፣ ሕፃኑን ክንዳቸው ላይ አስተኙት። ጣታቸው አንዲት ስፌት እንዳትነካ። ፈትሻለች እንዳይባሉ። ልጁ በዚያ ደረቅ ክንድ ላይ ተኝቶ እግሩን ያወራጫል፤ እሳቸው ትንፋሻቸውን ይዘው ደረታቸውን ወደ ኋላ ሸሽተውበታል።

የባል እናት ሆዳቸውን ይዘው ሳቁ። "ምን ሆነው ነው እንደ ትሪ የያዙት? ልጅ ይዘው አያውቁም እንዴ?"

ወይዘሮ ፍተሻ ቀና ብለው የእህታቸውን ልጅ አዩ። ልጅቷም አየቻቸው፤ ረጅም ጊዜ አየቻቸው።

"እቀፊው እንጂ፣ አክስቴ" አለች። "እሱ ኪስ የለውም።"